ደርቆ ያልወደቀ ቅጠል

ወንድሜ ሆሴዕ ደቡብ አፍሪካ ውስጥ፣ የገዛ ሱቁ ደጃፍ ላይ በሌቦች ጥይት ተመትቶ በሞተ ሰሞን እኛ ቤት የሚወራው ስለ ፈተና ብቻ ነበር። ሞቱን አባቴና አጎቴ ሰምተዋል። እናቴና እህቴ እንዳይሰሙ ደግሞ ወስነዋል። እህቴ መስከረም የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ልትቀመጥ ነበርና፣ መርዶ ከሰማች ፈተና የሚባል ነገር አበቃለት፤ የደከመችበት ሁሉ ከንቱ ይቀራል። ነገሩ እንዲህ መሆኑን እኔ ያወቅሁት ሁሉም ካለፈ በኋላ ነው። ያኔ የሦስተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። የሆነውን ሁሉ በዓይኔ አይቻለሁ፣ የተባለውንም በጆሮዬ ሰምቻለሁ፤ የተረዳሁት ግን ሌላ ነው። ልጅ ደግሞ አልገባኝም አይልም፤ የጎደለውን ከራሱ ይሞላል።

ቤታችን ሆሳዕና ነው፤ ከመናኸሪያው ወጣ ብሎ፣ ጓሮው በእንሰት የተሞላ ግቢ። አባባ ሀድያ ነው፤ እማዬ የከምባታ ልጅ ናት፣ ከዶዮገና የመጣች። በሁለቱም ቋንቋ ያደግን ልጆች ስለሆንን፣ አማርኛውም ከትምህርት ቤት ስለተጨመረበት፣ ትልልቆቹ ሚስጥር ማውራት ሲያምራቸው ይቸገሩ ነበር። በየትኛውም ቢያወሩ የሚሰማ ጆሮ አለ። ስለዚህ ስም አይጠሩም፣ «ጉዳዩ» ይላሉ። «ጉዳዩ እንዴት ሆነ?» «ጉዳዩ ከሐሙስ በኋላ ይሁን።» እኔ ደግሞ ጉዳይ የሚባል ነገር ከሰማሁ እንቅልፍም አይወስደኝ።

አጎቴ ዕንባቆም የእማዬ ታናሽ ወንድም ነው። ዶዮገና ውስጥ ባዮሎጂ ያስተምራል። ፈተናው ሊጀመር ጥቂት ቀን ሲቀረው፣ በሥራ ቀን ከተፍ አለ። «መስከረምን ላስጠናት ፈቃድ ወስጄ መጣሁ» አለ። ቅያሪ ልብስ አልያዘም፣ ጢሙን አልተላጨም፣ ለእኔ ሁልጊዜ የሚያመጣልኝን ሸንኮራ አገዳም አላመጣም። እኔ በደንብ ያስተዋልኩት የመጨረሻውን ብቻ ነው፤ አኩርፌበታለሁም።

ገና የቀረበለትን ሻይ ሳይጠጣ የእማዬን ስልክ አነሳ።

«እትዬ፣ ይሄ ባትሪ እኮ አብጧል! እንዴት ጆሮሽ ላይ ትይዢዋለሽ? ይፈነዳል። ስጪኝ፣ አሠራልሻለሁ።»

«እሑድ ሆሴዕ ይደውላል» አለች እማዬ።

«ለእሑድ ይደርሳል።»

እማዬ ስልኩን አየችው፣ እሱን አየችው፣ መልሳ ስልኩን አየችው። ከዚያ ሰጠችው። ይፈነዳል ስለተባለ የፈራች ነው የመሰለኝ። እሑድ መጣ፣ ስልኩ አልመጣም። «ዕቃው ከአዲስ አበባ ታዟል» ተባለ። እማዬ «እሺ» አለች። እናቴ በአንድ ቃል እሺ የምትል ሴት አልነበረችም፤ አባባ ስኳር ረስቶ የገባ ቀን እንኳ ሰፈሩ ሁሉ ይሰማት ነበር።

አጎቴ ወንበር አውጥቶ የግቢው በር ላይ ተሰየመ። መጽሐፍ ይዟል፤ ገጽ ሲገልጥ ግን አላየሁትም። ሊጠይቁን የሚመጡ የጸሎት ቤት ሴቶች እሱን ሳያልፉ አይገቡም። ቀስ ብሎ ያናግራቸዋል፣ አንገታቸውን ደፍተው ይመለሳሉ። ሁሉም ዓይናቸው ቀልቷል።

«አጎቴ፣ ምን ሆነው ነው?» አልኩት።

«የዓይን በሽታ ገብቷል ከተማው ውስጥ።»

አመንኩት። እንዳይዘኝ ብዬ ዓይኔን በሳሙና ታጥቤ ቀኑን ሙሉ ሳለቅስ ዋልኩ። በዚያ ሳምንት እኛ ግቢ ውስጥ በሰው ፊት ያለቀሰ ቢኖር እኔ ነኝ፣ እሱም በሳሙና።

ማርሴሰንት የሚለውን ቃል የተማርኩት በዚያ ቅዳሜ ነው። አጎቴ መስከረምን ሊያስጠናት ይዟት ጓሮ ወጣ፤ እኔም ተከተልኳቸው። ትልቁ እንሰት አጠገብ ቆመ። ከላይ ሰፋፊዎቹ አረንጓዴ ቅጠሎች አሉ፤ ከሥር ደግሞ ደርቀው ቡናማ የሆኑት ግንዱን ተጠግተው ተንጠልጥለዋል።

«እነዚህ ምንድን ናቸው?»

«ደረቅ ቅጠል» አልኩ እኔ፣ ማንም ሳይጠይቀኝ።

«ሞተዋል?»

«ሞተዋል።»

«ታዲያ ለምን አልወደቁም?»

መስከረም ሳቀች። «ኧረ አጎቴ፣ ይሄ ፈተና ላይ አይመጣም።»

«ባይመጣም እወቂው። ማርሴሰንት ይባላል።»

ደጋግሞ አስጠራን። ከላቲን የመጣ ነው አለ፤ መጠውለግ መጀመር እንደማለት። ሌላው ዛፍ ቅጠሉ ሲያረጅ በቅጠሉ አንገት ላይ ስስ ሽፋን ይሠራና ራሱ ይቆርጠዋል። ቅጠል የሚረግፈው ንፋስ ስለመታው ብቻ አይደለም፣ ዛፉ ስለለቀቀው ነው። አንዳንዱ ግን አይቆርጥም። ቅጠሉ ይሞታል፣ ይደርቃል፣ እንደተያያዘ ይቀራል። እንዲህ ያለውን ቅጠል ነው ሊቃውንቱ ማርሴሰንት የሚሉት። መጽሐፉ ለምሳሌ የሚያቀርበው ኦክ የሚባል የፈረንጅ ዛፍ ነው። አጎቴም ተማሪዎቹም ኦክ በዓይናቸው አይተው አያውቁም፤ ስለዚህ እሱ እንሰትን ያሳያል።

«እንሰቱ ለምን አይቆርጠውም?» አልኩት።

«እንግዲህ…» አለ። «እንግዲህ ተክሉ…» ደረቁን ቅጠል በእጁ ያዘ፣ ጣቶቹ መካከል ተፈረፈረ። «ተክሉ መሞቱን ያልሰማ ይመስላል።»

ከዚያ መነጽሩን አውልቆ ጀርባውን ሰጠን። አጎቴ ቅጠል ይህን ያህል እንደሚወድ አላውቅም ነበር። መስከረም የዓይን በሽታው የያዘው መስሏት ውኃ ልታመጣለት ሮጠች።

ቃሉን ወደድኩት። እንደ አዲስ ጫማ በሄድኩበት ሁሉ ይዤው ዞርኩ። ግድግዳችን ላይ የተረሳው ያምና ካላንደር ማርሴሰንት ነው። በጎረቤታችን በእነ ሊዲያ በር ላይ ካምና ሠርግ የቀረው የወረቀት አበባ ማርሴሰንት ነው። የእኔ የምትነቃነቅ ጥርስም ማርሴሰንት ናት። በሩ ላይ ወደተቀመጠው አጎቴ ሄድኩና ጠየቅሁት።

«አጎቴ፣ ሰውስ ማርሴሰንት ይባላል?»

«አይባልም!» ጮኸብኝ። ከተወለድኩ ጮኾብኝ አያውቅም። «ለቅጠል ነው የሚባለው። ለሰው እንዳትይ፣ ሰምተሻል?»

«ሰምቻለሁ።»

«እስቲ ድገሚው።»

«ለቅጠል ነው የሚባለው።»

አሁን መድኃኒት ቤት ነው የምሠራው፤ ከቅጠል ጋር አልገናኝም። ቃሉን ግን መዝገበ ቃላት ውስጥ ፈልጌዋለሁ። አጎቴ ትክክል ነበር፤ ከእጽዋት መጽሐፍ ውጭ የሚያነሳው የለም ማለት ይቻላል። አንድ ነገር ግን አልነገረንም። እንጉዳይ የሚያጠኑ ሰዎችም ይጠቀሙበታል፤ በእነሱ ዘንድ ትርጉሙ ይለያል። ደርቆ፣ ኩምትር ብሎ ቆይቶ፣ ዝናብ ሲነካው እንደገና የሚቃናውን እንጉዳይ ነው ማርሴሰንት የሚሉት። ይህን ሳያውቅ ቀርቶ ነው ወይስ ዘሎት? ባለፈው ዓመት ጠየቅሁት።

«አውቀዋለሁ» አለኝ። «ያን ሳምንት ግን በምን አንደበቴ ላንሳው?»

ያን እሑድ ከሰዓት እማዬ ቢላዋ ይዛ ጓሮ ገባች፣ የእንሰቱን ደረቅ ቅጠል ልታጸዳ። ደረቁ ቅጠል ለእሳት መለኮሻም ለማሰሪያም ይሆናል። ተከተልኳት።

«እማዬ፣ አጎቴ ያስተማረንን ልንገርሽ? ቅጠሉ ሞቷል፣ እንሰቱ ግን መሞቱን አልሰማም። ለዚያ ነው የማይጥለው።»

ቢላዋዋን አሳረፈች።

«ዕንባቆም ነው እንዲህ ያለሽ?»

«አዎ። ሳይንስ ነው።»

«እንሰቱማ ያውቃል» አለች።

አዘንኩላት። እናቴ የተማረችው እስከ ስድስተኛ ክፍል ነው፤ ሳይንስ ከየት ይግባት ብዬ አለፍኩት። መዝሙር እያንጎራጎረች እንሰቱ ጥቅጥቅ ወዳለበት ወደ ውስጥ ገባች። ብዙ ቆየች። ስትመለስ የያዘችው ደረቅ ቅጠል እሳት ለመለኮስ እንኳ አይበቃም ነበር።

ሰኞ ፈተናው ተጀመረ። ማክሰኞ ከሰዓት አባባ፣ አጎቴና የእድራችን ሰብሳቢ ጋሽ ባፈና ከቤቱ ጀርባ፣ እኔ ከምተኛበት ክፍል መስኮት ሥር ቆመው ሲያወሩ ሰማኋቸው።

«አርብ ይገባል ተብሏል» አለ አባባ።

«እንግዲያው ጉዳዩ ከአርብ ጠዋት ማለፍ የለበትም» አለ ጋሽ ባፈና። «ጎህ ሲቀድ እንመጣለን። ፓስተር ዘርአብሩክ አለ፣ ሽማግሌዎቹ አሉ፣ ከሀደሮ ዘመዶቻችሁም ቀደም ብለው ይገባሉ። ድንኳኑ ወዲያው ይተከላል።»

«መስከረም ብቻ ፈተናዋን ትጨርስ» አለ አባባ። «ሐሙስ ታበቃለች። እስከዚያ ጭራሽ እንዳትሰማ። ከሰማች የልጅቷ ድካም ገደል ገባ።»

በቃ፣ ገባኝ! አምና የሊዲያም ነገር እንዲሁ ነበር። ገና ፈተናዋን እንደጨረሰች ጋቢ የለበሱ ሽማግሌዎች በጠዋት መጡ፣ ድንኳን ተተከለ፣ ከደቡብ አፍሪካ ሙሽራ ገባና አገባት። ሊዲያ ዩኒቨርሲቲን ሳታየው ቀረች፤ አሁን ልጅ አዝላ ነው የማያት። መስከረም ግን ሐኪም ልትሆን ነው! የነገረችኝ ራሷ ናት፤ ዩኒቨርሲቲ ስትገባ ወስዳ ልታሳየኝም ቃል ገብታልኛለች። እና እነዚህ ሰዎች፣ ያውም የገዛ አባቴና የገዛ አጎቴ፣ በሚስጥር ሊድሯት ነው። ንድድ አልኩ።

አርብ የሚገባው የወንድሜ አስከሬን ነበር። እኛ ዘንድ ሽማግሌ ጋቢውን ደርቦ ጎህ ሲቀድ የሰው በር የሚያንኳኳው ለሁለት ነገር ነው፤ ልጅ ለመጠየቅና መርዶ ለመንገር። እኔ እስከዚያን ቀን ድረስ ያየሁት አንዱን ብቻ ነው።

መስከረም ከፈተና ተመልሳ ግቢው ውስጥ የዩኒፎርሟን ሸሚዝ እያጠበች ነበር። አጠገቧ ቁጢጥ አልኩ።

«መስኪ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ?»

«ምን አጠፋሽ ደግሞ?»

«አርብ ጠዋት ሽማግሌ ሊመጣ ነው። ሊድሩሽ ነው።»

ከት ብላ ሳቀች። «ማን ነው ደሞ ባለ ዕድሉ?»

«ከደቡብ አፍሪካ ነው። አርብ ይገባል። ፓስተርም ይመጣል፣ የሀደሮ ዘመዶችም ይመጣሉ፣ ጋሽ ባፈና የእድሩን ድንኳን ይተክላል። አንቺ ፈተና እስክትጨርሺ እንዳትሰሚ ተብሏል።»

ሳቋ ፊቷ ላይ ትንሽ ቆየ፣ ከዚያ ጠፋ። እጇ ውኃው ውስጥ እንዳለ ቀረ። ወደ በሩ አየች፤ አጎቴ ወንበሩ ላይ ነው፣ መጽሐፉ ጭኑ ላይ ተዘግቷል።

«የእማዬ ስልክ ተሠራ?» አለችኝ።

«አልተሠራም።»

«ይህን ለእማዬ ነግረሻታል?»

«ኧረ አልነገርኳትም።»

«እንዳትነግሪያት። አደራ። በጌታ ስም፣ እሷ እንዳትሰማ።»

«አታገቢም አይደል?»

«አላገባም» አለች። ሸሚዙን አንስታ መጭመቅ ጀመረች። ውኃው ካለቀ በኋላም መጭመቋን አልተወችም።

ረቡዕ ለፈተና ወጣች። ሐሙስም ወጣች። መስከረም ያን ጊዜ ምን ታስብ እንደነበር አሁን ትልቅ ሆነን ነግራኛለች። ፈተናውን ትታ ቤት ብትቀር እማዬ «ምን ሆንሽ?» ትላታለች፤ ምን ሆንሽ ከተባለች ደግሞ ራሷን የምትይዝ አይመስላትም ነበር። ስለዚህ ሄደች። ጥያቄውን ታነባለች፣ ፊደሉ ይጠፋባታል፣ መልሳ ታነባለች። ቤት ስትገባ ደግሞ ትስቃለች። ያን ሁለት ቀን ሳስበው ዛሬም አንጀቴን ይበላኛል። ያኔ ግን ተናድጄባት ነበር፤ ሊድሯት ነው ብዬ ነግሬያት እንዴት ትስቃለች?

ረቡዕ አመሻሽ ላይ አጎቴ ለሐሙሱ የባዮሎጂ ፈተና ጠየቃት። የጠየቃትን ሁሉ መለሰች። መጨረሻ ላይ ቀስ ብላ፣ «አጎቴ፣ ጢምህን ተላጭ እንጂ» አለችው። «እማዬ ስታይህ ምን ትላለች?» አጎቴ ቀና ብሎ አያት። ከአባባ ሳጥን ምላጭ አምጥታ ሰጠችው፤ ተነስቶ ተላጨ። መስከረም ሚስጥሩን ከእማዬ ከሚጠብቁት ወገን የሆነችው ያን ቀን ነው፤ እሱ ግን እንደ ልጅ ጣጣ ነው የቆጠረው።

ሐሙስ ፈተናው አለቀ። እማዬ አታካና ሠራች፤ ቡላውን በወተት አማስላ፣ ቅቤውን ሳትሰስት። አታካና እኛ ቤት ለወላድ፣ ለበዓል ወይ ለክቡር እንግዳ ነው የሚሠራው። «ልጄ ደክማለች» አለች። አባባ በላ። አጎቴ በላ። መስከረም «እማዬ፣ ጨምሪልኝ» አለች። እማዬ ጨመረችላት፣ አጠገቧ ቆማ እስክትጨርስ አየቻት፣ ፀጉሯንም ዳሰሰቻት። ያኮረፍኩት እኔ ብቻ ነኝ። ሙሽራ የሚያበሉ መስሎኝ አንድ ጉርሻ አልቀመስኩም።

አርብ ሊነጋጋ ሲል የእግር ኮቴ ሰማሁ። ብዙ እግር ነው፣ ድምፅ ግን የለም። ከአልጋዬ ዘልዬ ወርጄ በባዶ እግሬ ወደ በሩ ሮጥኩ። በቆርቆሮው ክፍተት አየኋቸው፤ ጋሽ ባፈና ከፊት፣ ፓስተር ዘርአብሩክ መጽሐፍ ቅዱሱን ደረቱ ላይ ይዞ፣ ከኋላቸው ጋቢና ነጠላ መንገዱን ሞልቶታል። አባባና አጎቴም ከእነሱ ጋር ውጭ ቆመዋል። መቀርቀሪያውን በሁለት እጄ ያዝኩት።

«አይከፈትም!» ብዬ ጮኽኩ። «መስከረም አታገባም! ዩኒቨርሲቲ ነው የምትገባው! ሂዱ!»

የሚቆጡኝ መስሎኝ ነበር። ማንም አልተቆጣኝም። ከወዲያ በኩል አንዲት ሴት አፏን በነጠላዋ ስታፍን ሰማሁ።

«ክፈቺ የኔ ልጅ» አለኝ ጋሽ ባፈና። ድምፁ ተሰብሯል። «ማንም ሊያገባት አልመጣም።»

«ውሸት ነው!»

ከኋላዬ አንድ እጅ እጄን ያዘኝ፣ ጣቶቼን አንድ በአንድ ከመቀርቀሪያው ላይ አላቀቀ። መስከረም ናት። ጥቁር ቀሚስ ለብሳለች። በሩን ከፈተችው። ሽማግሌዎቹ ቀሚሷን ሲያዩ ባሉበት ቆሙ።

ያኔ የቤቱ በር ተከፈተና እማዬ ወጣች። እሷም ጥቁር ለብሳለች። ነጠላዋን ወገቧ ላይ ታጥቃለች። አልሮጠችም፤ እየተራመደች መጥታ ሽማግሌዎቹ ፊት ቆመች። ስልኳን አጎቴ የወሰደባት ቀን ነው ያወቀችው። ቆይታ ስትነግረኝ፣ «ዕንባቆም ዓይኔን ማየት አቃተው፤ ከዚያ በላይ ምን ይነገረኛል?» ብላኛለች። ከዚያን ቀን ጀምሮ ያለቀሰችው እንሰቱ ውስጥ እየገባች ነው።

«ልጄ ፈተናዋን ጨርሳለች» አለቻቸው። «አሁን ንገሩን።»

ፓስተሩ መጽሐፍ ቅዱሱን ገለጠ፣ ማንበብ ግን አልቻለም። እማዬ ዓይኗን ከእነሱ ላይ አንስታ ወደ መስከረም ዞረች፤ ጥቁር መልበሷን ያየችው ገና ያን ጊዜ ነው። ከላይ እስከ ታች አየቻት።

«አንቺም?» አለች። «አውቀሽ ነው የተፈተንሽው?»

መስከረም በአዎንታ ራሷን ነቀነቀች።

እማዬ የጮኸችው ያኔ ነው።